የአሶሳ ሰዓቶች

ወደ አሶሳ በመምህርነት ተመድቤ የሄድኩት በ1990ዎቹ አጋማሽ ነው። ስለ አሶሳ ሲወራ የሚነሳው ሙቀቷ፣ ማንጎዋ፣ ሸመሏና ወርቋ ነው። እኔ ዛሬ አሶሳን ሳስብ ቀድሞ ትዝ የሚለኝ ሰዓቷ ነው። እዚያ ከተማ ሰንብቶ የሚያውቅ ሰው ይመሰክርልኛል፤ «ስንት ሰዓት ነው?» ተብሎ ሲጠየቅ ከአንድ በላይ ትክክለኛ መልስ አለው። «ዘንድሮ ስንት ዓመተ ምሕረት ነው?» ቢባል ደግሞ ሦስት።

የተከራየሁበት ግቢ ባለቤት በርታ ሽማግሌ ነበሩ። ሰዉ ሁሉ «ሼህ» ይላቸዋል፤ እሳቸው እኔን «ኡስታዝ» ይሉኝ ነበር። ዘመዶቻቸው እኩሌቶቹ ኩርሙክ፣ እኩሌቶቹ ከሱዳን ድንበር ማዶ ደማዚን ናቸው። ሳሎናቸው ግድግዳ ላይ የተሰቀለው ሰዓት እኩለ ቀን ላይ አሥራ ሁለት ይላል፤ በማዶው አቆጣጠር የተሞላ ነው። በአጥሩ ወዲያ ደግሞ በ77 በሰፈራ ከወሎ የመጡ እናት ነበሩ፤ «እትዬ» እላቸዋለሁ። ሰዓት የላቸውም። የጥላውን መጠን አይተው «አሁን ሰባት ሊሆን ነው» ሲሉ ብዙም አይስቱም። ሦስታችን ከሰዓት በኋላ አንድ ላይ ቡና እንጠጣ ነበር። ቀጠሮው የሚፈርስበት ቀን ግን አልጠፋም።

የማስተምረው ጂኦግራፊ ነበር። ሚያዝያ ላይ ተማሪዎቼን ይዤ ሜዳው መሐል የአንድ ሜትር እንጨት ቀጥ አድርገን አቆምን። አሶሳ ከምድር ወገብ በስተሰሜን አሥር ዲግሪ ገደማ ላይ ስለሆነች ፀሐይ በዓመት ሁለት ጊዜ፣ ሚያዝያ 8 አካባቢና ነሐሴ 21 አካባቢ፣ ልክ አናቷ ላይ ትቆማለች። የነሐሴው ቀን አይጠቅመንም፤ ትምህርት ቤት ዝግ ነው፣ ሰማዩም በደመና የተያዘ ነው። የሚያዝያውን ያዝን። መጽሐፉ እንደሚለው እኩለ ቀን ላይ ጥላው መጥፋት አለበት። የእጅ ሰዓቴ ልክ ስድስት ሲል ተማሪዎቹ አጎንብሰው አዩ። ጥላው አልጠፋም። ወደ ምዕራብ አሥራ ስምንት ሳንቲ ሜትር ያህል ተጋድሟል።

«ቲቸር፣ መጽሐፉ ዋሸ» አለ አንዱ። ሌላው «የቲቸር ሰዓት ነው» አለ። ከልጆቹ መካከል ቁጭ ብላ የቀረች አንዲት ልጅ በአመድ ምልክት እያደረገች ጠበቀች። ጥላው እያጠረ፣ እያጠረ ሄዶ እንጨቱ ሥር ገብቶ የተሰወረው ስድስት ሰዓት ከአርባ ሁለት ላይ ነበር።

መጽሐፉም ሰዓቴም አልዋሹም። የኢትዮጵያ ሰዓት የሚቆጠረው ከግሪንዊች በስተምሥራቅ 45ኛው ዲግሪ ላይ ባለው መስመር ነው፤ ይህ መስመር የሚያልፈው ሶማሌ ክልል ውስጥ፣ ከዋርዴር ብዙም ሳይርቅ ነው። አሶሳ ያለችው 34 ዲግሪ ተኩል ላይ ነው። ፀሐይ ከአንዱ ዲግሪ ወደሚቀጥለው ለመድረስ አራት ደቂቃ ይፈጅባታል። አሥር ዲግሪ ተኩል በአራት ሲባዛ አርባ ሁለት ደቂቃ ይመጣል። ሰዓታችን ስድስት ሲል እኩለ ቀን የሆነው በምሥራቅ፣ በዚያ መስመር ላይ ላለው ሰው ነው። አዲስ አበባ እኩለ ቀኗን የምታገኘው ከዚያ ሃያ አምስት ደቂቃ ገደማ ቆይታ ነው፤ አሶሳ ከአዲስ አበባም በኋላ ሌላ አሥራ ሰባት ደቂቃ ትጠብቃለች።

ይህን ግኝቴን ማታ ለሼህ በኩራት ነገርኳቸው። እሳቸው ግን ፈገግ ብለው «ኡስታዝ፣ የዙሁር አዛን መቼ እንደሚባል ሰምተህ አታውቅም?» አሉኝ። ለካ ሙአዚኑ በየቀኑ ከስድስት ሰዓት ተኩል በኋላ ሲጣራ ሰምቼ ምክንያቱን አስቤው አላውቅም። የዙሁር ሶላት ወቅት የሚገባው ፀሐይ ከአናት ዘንበል ስትል ነው። ከተማው ከእኔ እንጨት በፊትም ትክክለኛውን እኩለ ቀን ያውቀው ነበር።

አሥራ ሰባቷ ደቂቃ ይበልጥ የምትከብደው በረመዳን ነው። ከአዲስ አበባ የሚተላለፈው ሬዲዮ የመግሪብን መግባት ሲያበስር አሶሳ ገና ብርሃን ነው። እንግዳ የሆነ ጾመኛ ቴምሩን ወደ አፉ ሊያደርስ ይችላል። የአገሩ ሰው ግን እጁን አይዘረጋም፤ የራሱን ሙአዚን ይጠብቃል። በሼህ ቤት ሰፌዱ ላይ ቴምሩ ተደርድሮ፣ ከርከዴው በጆግ ቀዝቅዞ፣ ሾርባው ተከድኖ፣ ልጆቹ ዓይናቸውን ማሰሮው ላይ ተክለው፣ ሬዲዮው «ገብቷል» እያለ ሁሉም ጸጥ ብሎ ሲጠብቅ አይቻለሁ። የረሃብ አሥራ ሰባት ደቂቃ ረጅም ነው። ያም ሆኖ «አዲስ አበባ ፈቅዳለች» ብሎ የሚበላ አላየሁም። ጠዋት ደግሞ ብድሩ ይመለሳል፤ አሶሳ ጎህ የሚቀድደውም ዘግይቶ ስለሆነ ስሑሩ ላይ ያችኑ አሥራ ሰባት ደቂቃ ያገኟታል።

ትልቁን ግራ መጋባት ያየሁት ኩርሙክ ነው። ከአሶሳ መቶ ኪሎ ሜትር ገደማ ይርቃል። ሁለት ኩርሙክ አለ፤ አንዱ የኛ፣ አንዱ የሱዳን። ግንቦት 7 ቀን 1894 ዓ.ም. ዳግማዊ ምኒልክና እንግሊዞች የፈረሙት ውል ድንበሩን አሰመረ፤ በቀጣዩ ዓመት ቻርልስ ግዊን የተባለ የእንግሊዝ መኮንን መስመሩን መሬት ላይ ምልክት አደረገበት። በርታው በሁለቱም በኩል ቀረ። ቋንቋው ያው፣ የዙምባራ ሙዚቃው ያው፣ ጋብቻው ያው ነው። የተለየው ቀን መቁጠሪያው ነው። ከዚህ ወዲያ የተሻገረ ሰው እንደ ወሩ ሰባት ወይም ስምንት ዓመት ወደፊት ይዘላል፤ ሲመለስ ዓመታቱን ጥሎ ይገባል። የኛ ዓመት ከመስከረም እስከ ታኅሣሥ መገባደጃ ገደማ ከፈረንጆቹ በሰባት ያንሳል፤ ከዚያ ወዲህ እስከ ጳጉሜን በስምንት። ጳጉሜን ራሷ ወዲያ ማዶ የለችም።

ሰዓቱም እንዲሁ። እኛ ቀኑን ከንጋት እንጀምራለን፤ እነሱ ከእኩለ ሌሊት። ስለዚህ የኩርሙክ ነጋዴ በልቡ ዘወትር ስድስት ይቀንስ ነበር፤ የማዶው ዘጠኝ ሰዓት ለኛ ጠዋት ሦስት ነበር። ይህ ስሌት የሠራው ግን እስከ ጥቅምት 22 ቀን 2010 ዓ.ም. ነበር። ሱዳን በጥር 1992 ዓ.ም. ሰዓቷን በአንድ ሰዓት ወደፊት ገፍታ ከኛ ጋር አስተካክላ ነበር፤ በ2010 ያንን መልሳ ወደ ኋላ ጎተተችው። አንድ ማክሰኞ ሌሊት ድንበሩ ላይ አንድ ሰዓት ተፈጠረ። ከዚያ ወዲህ የማዶው ዘጠኝ ሰዓት የኛ አራት ሆነ፤ ስድስት ሲቀንስ የኖረ ሁሉ አምስት መቀነስ ተማረ። በዚያ ሰሞን ኩርሙክ ሄጄ ነበር። ሰሊጥ ሊረከብ ቀጠሮ የያዘ ሰው ከአንዱ ዛፍ ሥር ተቀምጦ ይናደዳል፤ ወዲያኛው ደግሞ በሰዓቱ መድረሱን ምሎ ይከራከራል። ሁለቱም እውነታቸውን ነበር። ስልክ የሱዳንን ኔትወርክ ሲይዝ ሰዓቱ በራሱ አንድ ሰዓት ወደ ኋላ ይላል፤ ባለቤቱ ግን ከተቀመጠበት በርጩማ አልተነሳም።

በ2000 ዓ.ም. መባቻ የሆነውን ደግሞ አልረሳውም። ሚሊኒየሙን ልናከብር ከተማው በቢጫ አበባና በባንዲራ አጊጧል። እትዬ ድግሱን እያሰናዱ ሼህን ይጠሯቸዋል፤ «ነገ መስከረም አንድ ነው፣ ይምጡ» ይሏቸዋል። ሼህም «እመጣለሁ፣ ግን ቀን ነው የምበላው፤ ከነገ ወዲያ ረመዳን ነው» ይላሉ። እንዳሉትም ሆነ፤ አዲስ ዘመን በገባ በማግስቱ የ1428 ዓመተ ሂጅራ ረመዳን ገባ። መስከረም 1 ቀን ማታ በአንድ ሰፈር የእንቁጣጣሽ ጭፈራ አልበረደም፣ በሌላው ተራዊህ ይሰገዳል። ከሱዳን ለዘመድ ጥየቃ የመጣ እንግዳ «እኛ ሁለት ሺን ካለፍነው ሰባት ዓመታችን» እያለ ይስቃል። 2000፣ 2007፣ 1428፤ ሦስቱም የዚያች የአንዲት ምሽት ስም ነበሩ፤ በመካከላቸውም ጠብ አልነበረም።

ቡና ላይ ጨዋታው ወደ ተረት የሄደበትን ቀን ከሁሉም አብልጬ አስታውሳለሁ። እትዬ ከቄስ የሰሙትን የኢትዮጵያዊውን የአቤሜሌክን ታሪክ አወሩልን። ነቢዩ ኤርምያስ በለስ እንዲያመጣ ላከው፤ በመንገድ ደክሞት ከዛፍ ጥላ ሥር ጋደም አለ፤ ሲነሳ ስድሳ ስድስት ዓመት አልፏል። ኢየሩሳሌም ፈርሳ ሕዝቡ ተማርኮ ሄዷል። በሙዳዩ ውስጥ ያለው በለስ ግን ገና ከዛፍ እንደተቀጠፈ ወተቱ ይንጠባጠባል። እትዬ ይህን ሲናገሩ መዳፋቸውን ዘርግተው በለሱን እንደያዙት ያሳዩ ነበር።

ሼህ አዳምጠው ሲያበቁ «የኛም አለ» አሉ። ከጨካኝ ንጉሥ ሸሽተው ዋሻ ውስጥ ያንቀላፉትን ወጣቶች አነሱ። ክርስቲያኖች እነዚያን ሰባቱ የኤፌሶን ደቂቅ ይሏቸዋል፤ በቁርዓን ደግሞ ታሪካቸው በካህፍ ምዕራፍ ይገኛል። ነቅተው «የተኛነው አንድ ቀን ወይም የቀን እኩሌታ ነው» ተባባሉ። ምግብ እንዲገዛ አንዱን ልከው የያዘው የብር ገንዘብ አጋለጣቸው፤ የሞተ ንጉሥ ገንዘብ ነው። ከዚያ ሼህ ወደ እኔ ዞረው «ኡስታዝ፣ የሒሳብ ጥያቄ አለኝ» አሉ። ቁርዓኑ የቆይታቸውን ዘመን ሲናገር ሦስት መቶ ዓመት ካለ በኋላ ዘጠኝ ይጨምራል። «ዘጠኟ ለምን ለብቻዋ መጣች?»

ወረቀት አምጥቼ አሰላሁት። የፀሐይ ዓመት 365 ቀን ከሩብ ገደማ ነው፤ የጨረቃ ዓመት 354 ቀን ከሲሶ ገደማ። ሦስት መቶ የፀሐይ ዓመት በጨረቃ ሲቆጠር ሦስት መቶ ዘጠኝ ይሆናል። ብዙ ሊቃውንትም የተረጎሙት እንዲሁ ነው። ሼህ መልሱን ቀድመው ያውቁት ነበር፤ የፈለጉት እኔ በእርሳሴ እንድደርስበት ነው። «አየህ፣ ሁለቱም ልክ ነው» ብለው ስኒያቸውን አስቀመጡ።

ከዚያ በኋላ ጊዜ ተዛባባቸው ስለሚባሉ ሰዎች ሳስብ አንድ ነገር ይታየኛል። አቤሜሌክ ጥላው ሥር ሳለ፣ ወጣቶቹም ዋሻቸው ውስጥ ሳሉ ምንም አልተዛባም። የተዛባው ከራሳቸው ቆጠራ ወጥተው ሌላ ቆጠራ ወዳለበት ሲገቡ ነው። እትዬም እንደዚያው ናቸው። በ77 ድርቅ በመላ አገሪቱ ከግማሽ ሚሊዮን በላይ ሰው ከቀዬው ተነስቶ ሲሰፍር እሳቸው ወጣት ነበሩ። ዕድሜያቸውን ሲጠየቁ «ከ77 በፊት የነበረውን አልቆጥረውም» ይላሉ። ለሼህ ደግሞ ዘመን የሚከፈለው በ1980 ዓ.ም. የሱዳን ሕዝብ ነፃ አውጪ ጦር ኩርሙክን በያዘበት ዓመት ነው። ልጃቸው የተዳረችው «ኩርሙክ ከመያዟ በፊት»፣ በሬያቸው የሞተው «ከተያዘች በኋላ» ነው።

ይህ ሁሉ በቡና ላይ ሲሆን ያስቃል። መዝገብ ላይ ሲሆን ግን ሰው ይጎዳል። በ2003 ዓ.ም. መጨረሻ የሱዳን ብሉ ናይል ግዛት በጦርነት ሲታመስ ብዙ ሺህ ሰው በኩርሙክ በኩል ገባ፤ ሸርቆሌ፣ ቶንጎና ባምባሲ የስደተኛ ጣቢያዎች ውስጥ ሰፈረ። ከመጡት መካከል አንዱ ልጅ ዘመድ ቤት ተጠግቶ ትምህርት ጀመረ። በእጁ የነበረው ወረቀት የተወለደበትን ዓመት «2000» ይላል። የተቀበለው መዝጋቢ ቁጥሩን እንዳለ ገልብጦ መዝገቡ ላይ አሰፈረው፤ የማን አቆጣጠር እንደሆነ አልጠየቀም፣ ወረቀቱም አይናገርም። የአሥራ አንድ ዓመቱ ልጅ በአንዲት የእስክሪብቶ ጭረት የአራት ዓመት ሕፃን ሆነ። ለጊዜው የከለከለው ነገር ስለሌለ ማንም አላስተዋለውም። ስምንተኛ ክፍል ደርሶ ለፈተና ሲመዘገብ ግን ወረቀቱ የዘጠኝ ዓመት ልጅ አደረገው፤ «የሌላ ሰው ማስረጃ ነው» ተባለ። ጺሙ ያጎነቆለ ልጅ ቢሮ ለቢሮ እየዞረ ሕፃን አለመሆኑን ማስረዳት ነበረበት።

እኔም አብሬው ዞርኩ። ማስረጃ ሲጠፋ እናቱ ተጠየቁ። ዓመቱን በቁጥር አያውቁትም። «በኸሪፉ ነው የወለድኩት» አሉ በዐረብኛ፤ ኸሪፍ የዝናቡ ወቅት ነው። «መንግሥት ሰዓቱን የቀየረበት ዓመት። ባለቤቴ የግድግዳውን ሰዓት ሲያዞር አርግዤው ነበር።» ሱዳን ሰዓቷን የገፋችው በጥር 1992 ዓ.ም. ነው፤ በፈረንጆቹ 2000 መጀመሪያ። እናትየው ቀን መቁጠሪያ ሳይኖራቸው ልጃቸውን ከትክክለኛው ዓመትና ከትክክለኛው ወቅት ጋር አገናኙት። በዚያ ቃል ላይ ሽማግሌዎች ፈርመው መዝገቡ ተስተካከለ። ካምፑ ውስጥ ከነበሩት ብዙዎቹ ይህን ዕድል አላገኙም። ቀናቸው ያልታወቀ ሁሉ «ጃንዋሪ 1» ተብሎ ስለሚመዘገብ፣ አንድ ሰልፍ ሙሉ ሰው በአንድ ቀን የተወለደ የሚመስልበትን ዝርዝር አይቻለሁ።

ከአሶሳ ከለቀቅሁ በኋላ ክልሉ ውስጥ ጊዜን ከሁሉ በላይ ያንቀሳቀሰ ነገር ተሠርቶ ተጠናቋል። ከዓባይ ማዶ ጉባ ወረዳ ላይ መጋቢት 24 ቀን 2003 ዓ.ም. መሠረቱ የተጣለው የሕዳሴ ግድብ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ተመረቀ፤ ወዲያ ማዶ በሌለችው ወር። የማመንጨት አቅሙ 5,150 ሜጋ ዋት መሆኑን ሁሉም ያውቃል። የጂኦግራፊ መምህር ግን ሌላውን ቁጥር ነው የሚያየው። ዓባይ በዚያ በኩል በዓመት በአማካይ 49 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ገደማ ውሃ ያሳልፋል፤ ከዚያም አብዛኛው የሚያልፈው በክረምት ነው። ግድቡ 74 ቢሊዮን ሜትር ኩብ ይይዛል፤ የዓመት ተኩል ወንዝ ማለት ነው። ድሮ ሐምሌ ላይ የወረደ ውሃ በቀናት ውስጥ ሱዳን ሮዜሬስ ይገባ ነበር። ዛሬ ያው ውሃ ቆይቶ ተርባይን አዙሮ በጥር ወይም በሚያዝያ ሊወርድ ይችላል። ወንዙ ሲሞላና ሲጎድል አይቶ የዘራ፣ ያጠመደ፣ ወርቅ ያጠበ የወንዝ ዳር ሰው የኖረበት ቀን መቁጠሪያ ተለውጧል። አዲሱን መማር ጊዜ ይወስዳል። ኩርሙኮች ከስድስት ወደ አምስት እንደተማሩት ይማሩታል፤ የሚነግራቸው ካገኙ።

ሼህም እትዬም ዛሬ በሕይወት የሉም። ከሁለቱ የቀረልኝ ትምህርት ቀላል ነው፤ ጊዜ አልተዛባም፣ የተለያየ ቦታ ቆመን እየቆጠርነው ነው። አዲስ አበባ የቆመ ሰው የሱ ስድስት ሰዓት የሁሉም እኩለ ቀን ይመስለዋል። ድንበር ላይ የኖረ ግን ሌላ ቆጠራ መኖሩን አውቆ የራሱን ሳይጥል ያስማማዋል። አሶሳ ይህን በየቀኑ ስታደርገው አይቻለሁ፤ ሊቅነት ነው ብላ አትመጻደቅበትም።

ከሚያዝያ 2015 ዓ.ም. ወዲህ ሱዳን እንደገና እየነደደች ነው፤ በኩርሙክ በኩል ሰው እንደገና ገብቷል። ቅጹም እንደገና ይሞላል። ስለዚህ እስክሪብቶ የያዛችሁ ሁሉ፣ መዝጋቢዎች፣ መምህራን፣ የጤና ባለሙያዎች፣ አንድ ነገር ልለምናችሁ። የልደት ዓመት ስትጽፉ ከቁጥሩ አጠገብ ዓ.ም. ወይም እ.ኤ.አ. ወይም ዓ.ሂ. ብላችሁ ጻፉ። ወረቀቱ ካልተናገረ እናትየዋን ጠይቁ፤ በዚያ ዓመት ምን እንደሆነ ታስታውሳለች።